የሊቲየም ባትሪ ሙከራ፦ ጥያቄና መልስ

ስትጠይቁ የሴሉን (ባትሪ የሚገጣጠምበትን ነጠላ ክፍል) ዓይነት፣ አቅሙንና የምትሠሩበትን ስታንዳርድ ጻፉ። አለበለዚያ መልሱ ግምት ይሆናል።

ጥያቄ፦ ዩኤን 38.3 (የተባበሩት መንግሥታት የሊቲየም ባትሪ ማጓጓዣ ሙከራ) ምን ምን ሙከራ ያካትታል?

መልስ፦ ከቲ1 እስከ ቲ8። ከፍታ፣ የሙቀት መለዋወጥ፣ ንዝረት፣ ድንገተኛ ምት፣ የውጭ ሾርት (ሁለቱን ጫፎች በውጭ በቀጥታ ማገናኘት)፣ መመታት ወይም መጨፍለቅ፣ ከልክ ያለፈ ቻርጅ፣ በግድ ማራገፍ። ከቲ1 እስከ ቲ5 ያሉት በዚያው ሴል ላይ በተከታታይ ይሠራሉ። ለቲ6 እና ለቲ8 ያልተሞከረ ሴል ውሰዱ።

ጥያቄ፦ 18650 (ሲሊንደር ቅርጽ ያለው) ሴላችን እኛ ጋ ቲ5ን፣ ማለትም የውጭ ሾርቱን አለፈ፤ ሌላ ላቦራቶሪ ውስጥ ግን ወደቀ። ምክንያቱን ቢያስረዱን?

መልስ፦ ጥሩ ጥያቄ ነው። ስታንዳርዱ የሚለው ጠቅላላው የውጭ ሬዚስታንስ ከ0.1 ኦም በታች ይሁን ነው፤ ከዚያ በታች ያለው ሁሉ ይፈቀዳል። የውስጥ ሬዚስታንሱ 25 ሚሊኦም የሆነ፣ 4.2 ቮልት የተሞላ ሴል በ80 ሚሊኦም ሾርት ሲደረግ መነሻው ላይ 40 አምፔር ገደማ ይሰጣል። በ5 ሚሊኦም ግን 140 አምፔር። ትልቁ ከረንት ሁሌ የከፋው አይደለም፦ ፒቲሲ (ሲግል ሬዚስታንሱ ጨምሮ ከረንቱን የሚገታ መከላከያ) ያለው ሴል በትልቅ ከረንት ቶሎ ይቆረጣል፤ በመካከለኛው ግን ሳይቆረጥ ረጅም ጊዜ ሊግል ይችላል።

ስለዚህ ገመዱን፣ መቆንጠጫውን፣ ኮንታክተሩን (ሾርቱን የሚዘጋውን ማብሪያ) እና ሻንቱን (የከረንት መለኪያ ሬዚስተሩን) አንድ ላይ በአራት ሽቦ ዘዴ (ከረንቱና ቮልቴጁ በተለያየ ሽቦ) ለኩ። የኮንታክተሩ ገጽ በየሾርቱ ይቃጠላል፤ ሬዚስታንሱም ይጨምራል። ከእያንዳንዱ ሙከራ በፊት ልኬቱን ድገሙት።

ቀጥሎ ሙቀቱ። 57 ሲደመር ወይም ሲቀነስ 4 ዲግሪ የሚባለው የሴሉ ቆርቆሮ እንጂ የቻምበሩ አየር አይደለም። ቴርሞካፕሉን (የሙቀት መለኪያ ሽቦውን) ሙቀት በሚችል ካፕቶን ቴፕ መሃል ወገቡ ላይ ለጥፉ። ሴሉ ግሎ ወደ 57 ከተመለሰ በኋላ ሾርቱ ቢያንስ 1 ሰዓት ይቀጥላል። ከ170 ዲግሪ ካለፈ ወድቋል። ሾርቱ ካበቃም በኋላ 6 ሰዓት ሳይሞላ በእጅ አትንኩት።

ጥያቄ፦ ባትሪዬ አብጧል። ልጠቀምበት?

መልስ፦ አይሆንም። ቻርጅ አታድርገው፣ አትውጋው።

አባል፦ ለመሆኑ ሴሉ በሚስማር የማይወጋበት ሙከራ ምን ዋጋ አለው? የውስጥ ሾርት የሚታየው በሱ ነው።

ሌላ አባል፦ አልስማማም። ሚስማር ብዙ ንብርብር በአንዴ ያገናኛል፤ ፍጥነቱና የጫፉ ስለት ብቻ ውጤቱን ይለውጠዋል። ከፋብሪካ የሚገባ የብረት ብናኝ ግን አንድ ቦታ ላይ ነው ሴፓሬተሩን (ሁለቱን ኤሌክትሮዶች የሚለየውን ስስ ሽፋን) የሚበሳው። አይኢሲ 62133-2 (የተንቀሳቃሽ ዕቃ ባትሪ ደህንነት ስታንዳርድ) ላይ ሴሉ ውስጥ የኒኬል ቁራጭ የሚገባው ለዚህ ነው።

አባል፦ እሱንም የሚጠይቁት ጃፓን፣ ኮሪያ፣ ፈረንሳይና ስዊዘርላንድ ናቸው። ደግሞ ሞካሪው ሴሉን ከፍቶ ጥቅሉን መፍታት አለበት።

መልስ፦ ቻርጅ የተደረገ ሴል ያለ ደረቅ ክፍል (የአየሩ እርጥበት እጅግ ዝቅ ያለበት ክፍል) አይከፈትም። እዚህ ላይ ይብቃ፤ ወደ 38.3 እንመለስ።

ጥያቄ፦ ቲ7 ለነጠላ ሴል ይሠራል?

መልስ፦ ቲ7 ለባትሪ፣ ቲ8 ለሴል። በቲ7 የሚፈሰው ከረንት አምራቹ ከፈቀደው ትልቁ ቀጣይ የቻርጅ ከረንት እጥፍ ነው፤ 24 ሰዓት። ከሙከራው በኋላ ያለው ክትትል እንደ ቲ5 6 ሰዓት ሳይሆን 7 ቀን ነው። ብዙዎች የሚስቱት እዚህ ነው።

ጥያቄ፦ 38.3 ያለፈ ባትሪ ቤት ውስጥ አይነድም ማለት ነው?

መልስ፦ አይደለም። 38.3 የማጓጓዣ ሙከራ ነው። ለተንቀሳቃሽ ዕቃ አጠቃቀም 62133-2ን፣ ለኢንዱስትሪ ባትሪ አይኢሲ 62619ን፣ እሳቱ ከሴል ወደ ሴል መዛመቱን ለማየት የዩኤል 9540A ሙከራን ተመልከቱ።

ጥያቄ፦ ከቲ5 በኋላ ሴሉን መቼ ላንሳ?

መልስ፦ ከላይ ጽፌዋለሁ። 6 ሰዓት።