ስታቲክስ ከበደኝ ብለሽ ሲቪል ምህንድስናን ከመተውሽ በፊት

ውድ እህቴ፣ ደብዳቤሽን በጥሞና አንብቤዋለሁ። ሲቪል ምህንድስናን ለመምረጥ ወስነሽ እንደነበር፣ ሆኖም በኢንጂነሪንግ ሜካኒክስ (ስታቲክስ፣ ማለትም ሳይንቀሳቀሱ በቆሙ ነገሮች ላይ የሚያርፉ ኃይሎች ጥናት) ፈተና ላይ ያልታወቀ ኃይልና ማዕዘን አስሉ የሚሉት ጥያቄዎች ስለከበዱሽ ወደ ሌላ ዲፓርትመንት ለመሄድ እያሰብሽ መሆኑን ጽፈሽልኛል። አያይዘሽ የላክሻቸውን ሁለት የፈተና ገጾች ስመለከት ግን በሁለቱም ላይ አንድም ሥዕል አላየሁም። ሳይንና ኮሳይንን የተጠቀምሽው የትኛው ጎን ከየትኛው ማዕዘን ፊት ለፊት እንዳለ ሳታዪ፣ በቃል በያዝሽው ቀመር ብቻ ነው። ይህ የሚታረም የአሠራር ልማድ እንጂ ሙያ የሚያስቀይር ድክመት አይደለም።

በየመንገዱ ከምታዪው ነገር ልነሣ። የኤሌክትሪክ መስመር አቅጣጫውን በሚቀይርበት ጥግ ላይ የቆመ ምሰሶ ወደ መሬት በሚወርድ ጠንካራ ሽቦ ተወጥሮ እንደሚታሰር አስተውለሽ ይሆናል። መስመሩ ምሰሶውን በአንድ በኩል በ3 ኪሎ ኒውተን (የኃይል መለኪያ ነው) ወደ ምሥራቅ፣ በሌላ በኩል በ4 ኪሎ ኒውተን ወደ ሰሜን ይስበዋል እንበል። የሁለቱ ድምር 7 አይደለም። እያንዳንዱን ኃይል በቀስት ወክለሽ፣ የሁለተኛውን ቀስት ጅራት ከመጀመሪያው ቀስት ጫፍ ላይ አስነሥተሽ ስትሥዪ ቀጤ ጎነ ሦስት ይወጣል፤ ድምሩም በፓይታጎረስ 5 ኪሎ ኒውተን ሲሆን፣ አቅጣጫው ከምሥራቅ ወደ ሰሜን 53 ዲግሪ ያህል ያዘነበለ ነው። ስለዚህ ማሰሪያው ሽቦ መዘርጋት ያለበት በዚህ ትክክለኛ ተቃራኒ፣ ከምዕራብ ወደ ደቡብ 53 ዲግሪ ዞሮ ነው።

የሚበልጠው ትምህርት ያለው ከዚህ በኋላ ነው። ማሰሪያው ከመስመሩ ከፍታ ተነሥቶ ወደ መሬት ስለሚወርድ፣ የመስመሩን 5 ኪሎ ኒውተን የሚቋቋመው የሽቦው ኃይል አግድም ክፍል፣ ማለትም ከመሬቱ ጋር ትይዩ የሆነው ክፍሉ ብቻ ነው። ከመሬቱ ጋር የሚሠራው ማዕዘን 45 ዲግሪ ቢሆን ሽቦው 7.07 ኪሎ ኒውተን ይሸከማል፤ መንገዱ ጠቦ ሽቦው ወደ ምሰሶው ግርጌ ቀርቦ ቢታሰርና ማዕዘኑ 60 ዲግሪ ቢደርስ ግን 5 ለኮሳይን 60 ስለሚካፈል 10 ኪሎ ኒውተን ይሆናል። በዚያም ላይ ይኸው ሽቦ ምሰሶውን በ8.66 ኪሎ ኒውተን ወደ ታች ይጫነዋል። የመስመሩ ስበት ሳይጨምር የማሰሪያው ሸክም የስበቱን እጥፍ ያህል የሆነው በማዕዘኑ ምክንያት ብቻ መሆኑን ልብ በዪልኝ፤ አንድ መሐንዲስ የሽቦውን ውፍረት የሚወስነው ይህን አይቶ ነው።

በገጾችሽ ላይ ያየኋቸው ሌሎች ስህተቶችም ከሥዕል መቅረት የመጡ ናቸው። አግድም ክፍል ሁልጊዜ በኮሳይን ይሰላል ብለሽ ይዘሻል፤ ማዕዘኑ ከቁሙ መስመር ሲለካ ግን አግድሙን የሚሰጠው ሳይን ነው። በሳይን ሕግ ማዕዘን ስትፈልጊም ካልኩሌተሩ የሰጠሽን ያለ ጥርጣሬ ተቀብለሻል፤ ሳይኑ 0.5 የሆነ ማዕዘን 30 ዲግሪም 150 ዲግሪም ሊሆን ሲችል መሣሪያው የሚያሳይሽ 30ን ብቻ ነው። ከሁለቱ የትኛው እንደሆነ የሚነግርሽ ሥዕሉ ነው፤ በኮሳይን ሕግ ካሰላሽው ደግሞ ይህ አሻሚነት አይነሣም።

ከትምህርቱ መሸሽ እንደማይቻል ግን አልደብቅሽም። ሲቪል ምህንድስና ከገባሽ ስትሬንግዝ ኦፍ ማቴሪያልስና ቲዎሪ ኦፍ ስትራክቸርስ የሚባሉት ኮርሶች የሚገነቡት በዚህ ላይ ስለሆነ፣ ዛሬ ያልጠራው ነገር በሚቀጥለው ዓመት ከብዶ ይጠብቅሻል። ስለዚህ ዲፓርትመንት መምረጫው ሳይደርስ ሁለት ሳምንት ስጪው። በየቀኑ ሁለት ጥያቄ ውሰጂ፤ እያንዳንዱን መጀመሪያ በማስመሪያና በፕሮትራክተር፣ 1 ሴንቲ ሜትር ለ1 ኪሎ ኒውተን አድርገሽ ሥዪና መልሱን ከወረቀቱ ላይ ለኪው፤ ከዚያ በኋላ ብቻ በሒሳብ አስዪው። ሁለቱ መልሶች ካልተቀራረቡ ስህተቱን ሳታገኚ ወደሚቀጥለው ጥያቄ አትለፊ። ሁለቱን የፈተና ገጾችም ይዘሽ ወደ መምህርሽ ቢሮ ሂጂና ማዕዘኑ የተሳሳተው በየትኛው መስመር ላይ እንደሆነ እንዲያሳዩሽ ጠይቂ። በሁለተኛው ሳምንት መጨረሻ ሥዕሉ እየቀለለሽ ከመጣ የመጀመሪያ ምርጫሽን አትቀይሪ፤ ጥያቄዎቹን በትክክል እየሠራሽም ሥራው ራሱ ካላስደሰተሽ ግን መልሰሽ ጻፊልኝ፤ ያን ጊዜ ስለሌሎቹ ዲፓርትመንቶች በዝርዝር እንነጋገራለን።