የአባቱን ፊት ለጠጠው

«የምጽፍልዎት ከደብረ ብርሃን ነው። የ8 ዓመት ልጄ ስልኬ ላይ የካርቱን ፊት ጨዋታ ለምዷል። ዓይን ወይም አፍ ብቻ አይቶ ማን እንደሆነ ይገምታል፤ ሌላው ደግሞ ጉንጭና አፍንጫ በጣት እየጎተቱ ማጣመም ነው። ቅዳሜ ዕለት የአባቱን ፎቶ አስገብቶ ከንፈሩን እስከ ጆሮው ለጠጠው። አባቱ የጅቡቲ መስመር ሹፌር ነው፤ ቢመጣ በወር አንዴ ነው። አማቴ አይተው ‹በአባቱ አላገጠ፤ ይኼ ደግ ነገር አይደለም› ብለው አለቀሱ። እኔም ተናድጄ መታሁት። ከዚያ ወዲህ ባናውን ተከናንቦ ይተኛል፤ አያናግረኝም። ምን ላድርግ?»

እህቴ፣ ልጅሽ የጎተተው ከንፈሩን፣ ያውም ወደ ጆሮው ነው። አባቱን ሊያስቀው የፈለገ ይመስለኛል። ከሩቅ ሆኜ አልምልም፤ እሱን ጠይቂው።

ጡት ሲጠባ አፍንጫሽን ይጎትት፣ ጣቱን አፍሽ ውስጥ ይከት አልነበር? ልጅ ፊትን የሚያውቀው እየነካካ ጭምር ነው። ጨዋታውም አዲስ አይደለም፤ በ1996 እ.ኤ.አ. የወጣው ሱፐር ማሪዮ 64 የተባለ የቪዲዮ ጨዋታ ገና ሲከፈት የዋናውን ገጸ ባሕርይ የማሪዮን አፍንጫና ጆሮ ጎትቶ መልቀቅ ያስችል ነበር። ደግሞም የአንድን ሰው ጎላ ያለ መልክ አጋንኖ መሳል ሰውየውን ለመለየት እንደሚያግዝ በሥነ ልቦና ጥናት ታይቷል። አባቱን በወር አንዴ የሚያይ ልጅ ያንን ፊት ይዞ መቆየት ይፈልጋል።

አማትሽንም አትንቀፊያቸው። ያደጉት የቤተ ክርስቲያን ሥዕል እያዩ ነው፤ በጥንቱ አሣሣል ጻድቃን በሙሉ ፊት፣ በሁለት ዓይን ይሣላሉ፤ ክፉዎቹ በጎን፣ በአንድ ዓይን። የተጣመመ ፊት ቢያስደነግጣቸው እውነታቸውን ነው።

እኔን ያሳሰበኝ ጨዋታው ሳይሆን ዱላው ነው። ልጁ ናፍቆቱን ባሳየበት ሰዓት ተመታ። ዛሬ ማታ ባናውን ገለጥ አድርገሽ አጠገቡ ጋደም በይና «መምታቴ ልክ አልነበረም፤ ይቅር በለኝ» በይው። «ግን» ብለሽ አትቀጥዪ። መልስ ባይሰጥሽም አትጎትጉቺው።

ሲረጋጋ የቤተሰቡን ፎቶ አውጡ። በእጅሽ ሸፍነሽ ዓይን ብቻ አሳዪና «የማን ነው?» በይ። አያቱም ይገምቱ፤ የልጃቸውን የልጅነት ፎቶ ያምጡለት። ቆሎ እየቆረጠማችሁ ከሆነ ደግሞ ይበልጥ ያምራል። አንድ ደንብ ግን ይኑር፤ የሰው ፊት ያለ ፈቃዱ አጣሞ ለሌላ መላክ ክልክል ነው። የክፍል ጓደኞቹን እያጣመመ የሚያሳፍር ከሆነ፣ ወይም እንቅልፉንና ትምህርቱን ከተወ፣ ያኔ ባለሙያ ፊት ለፊት ይየው።

ያን ፎቶ አታጥፊው። ባለቤትሽ በቪዲዮ ሲደውል ስልኩን ለልጁ ስጪው፤ ራሱ ያሳየው። አንቺ አታስረጂለት።