በአንድ እዝባር (/) የወደቀ ማመልከቻ

ጥያቄ፦ እትዬ፣ ጤና ይስጥልኝ። በአካውንቲንግ ከተመረቅኩ 2 ዓመት ሆነኝ። ባለፈው ወር አዲስ አበባ ያለ አንድ የፌዴራል መሥሪያ ቤት ጀማሪ የሒሳብ ሠራተኛ ለመቅጠር ማስታወቂያ አወጣ። ከንጋት ጀምሮ ተሰልፌ ተመዘገብኩ። ለፈተና ያለፉት ስም ሲለጠፍ ግን የእኔ የለም። ብጠይቅ «የአያትሽ ስም አይገናኝም» አሉኝ። ዲግሪዬ ላይ «ገብረሥላሴ» ነው፤ መታወቂያዬ ላይ «ገ/ስላሴ»። በቃ፣ ይኸው ነው። ለፈተናው 2 ሳምንት ቀርቶታል። ምን ላድርግ?
አመልካቿ፣ ከኮተቤ

መልስ፦ እህቴ፣ ደብዳቤሽን ሳነብ በጣም ነው የተናደድኩት። ጡረታ እስክወጣ ድረስ ሰው ኃይል አስተዳደር ውስጥ ነበርኩ። እንዲህ ያለ ፋይል ብዙ አይቻለሁ። ገ/ሥላሴ፣ ኃ/ማርያም፣ ወ/ጊዮርጊስ። ስሙን ያሳጠረው ባለቤቱ አይደለም፤ ቅጹ ላይ ቦታ ያነሰው ጸሐፊ ነው። ሥላሴን አንዱ በንጉሡ «ሠ» ይጽፈዋል፣ ሌላው በእሳቱ «ሰ»። ሲነበብ ያው አንድ ነው።

መዝጋቢዎቹ ስም ማመሳከራቸው ግን ተገቢ ነው። በሰው ዲግሪ፣ በሐሰተኛ ማስረጃ ሊቀጠር የሚመጣ አለ። ስለዚህ የአንቺ ሥራ ሁለቱ ወረቀቶች የአንዲት ሰው መሆናቸውን ማሳየት ነው። የልደት ምስክር ወረቀትሽንና የ12ኛ ክፍል ውጤትሽን ያዢ። ከወረዳሽ ወይም ከተማርሽበት ዩኒቨርሲቲ ሬጅስትራር «ሁለቱም አጻጻፍ የአንዲት ግለሰብ ስም ነው» የሚል ደብዳቤ ጠይቂ። መታወቂያሽን አሁን ለማሳረም ግን አትሩጪ። ከምዝገባው በኋላ የተሰጠ መታወቂያ ሌላ ጥያቄ ያስነሳል።

ከሁሉም በፊት ውሳኔውን በጽሑፍ ጠይቂ። በመስኮት የተነገረሽን ነገር ነገ «ማን አለሽ?» ይሉሻል። የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 መሥሪያ ቤቶች ውሳኔያቸውን ከነምክንያቱ በጽሑፍ እንዲሰጡ ያዛል። ቁጥሩን ደብዳቤሽ ላይ ጥቀሺው። ደብዳቤው ለመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ ይሁን፤ ግልባጭ ለቅሬታ ሰሚው። አንድ ገጽ ይበቃል። የተመዘገብሽበትን ቀንና የሥራ መደቡን፣ ሁለቱን አጻጻፎች፣ ያያያዝሻቸውን ማስረጃዎች ጻፊ። መጨረሻ ላይ «ማስረጃዬ እስኪጣራ ለፈተናው እንድቀመጥ ይፈቀድልኝ» በይ። ይህቺን አትርሺ። ፈተናው ካለፈ በኋላ እውነት ብትሆኚም የሚመልስሽ ጠፍቶ ትንከራተቻለሽ።

ይህን የምልሽ አንድ ልጅ ስለማይረሳኝ ነው። የስሙ «ኃ» በአንዱ ወረቀት ላይ «ሀ» ሆኖ ስለነበር ፋይሉን ወደ ጎን አደረግነው። እኔም ፈርሜበታለሁ። ልጁ ሁለት ጊዜ መጣ፤ በቃል ለመነን፤ «ይታያል» ብለን መለስነው። በጽሑፍ የቀረበ ነገር ስላልነበረ ማንም አላየውም። በሦስተኛው ሲመጣ ቦታው በሌላ ሰው ተይዞ ነበር። ያኔ «ጻፍና አምጣ» ብለው ኖሮ እላለሁ እስከ ዛሬ።

መልስ ቢነፍጉሽ ወደ ኢትዮጵያ ሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም ሂጂ። አቤቱታ ለማቅረብ ክፍያ የለውም። ፍርድ ቤትም አለ፤ በዚሁ አዋጅ መሠረት አስተዳደራዊ ውሳኔ በፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት እንዲመረመር መጠየቅ ይቻላል። ግን መጀመሪያ የመሥሪያ ቤቱን የቅሬታ መንገድ መጨረስ አለብሽ፤ ጊዜም ይወስዳል። በ2 ሳምንት ውስጥ ሊያደርስሽ የሚችለው ያ የአንድ ገጽ ደብዳቤ ነው።

ነገ ጠዋት አስገቢው። በሁለት ኮፒ ይሁን፤ አንዱ አንቺ ዘንድ ይቀራል። ኮፒሽ ላይ የመዝገብ ቤቱ ማህተም፣ ቁጥርና ቀን ሳያርፍበት ከዚያ ግቢ አትውጪ።