ከግንዱ ሥር የበቀለው መደርደሪያ

ጥያቄ፦ ከቤታችን አጠገብ ባለ ትልቅ ዛፍ ግንድ ላይ፣ ከመሬት ብዙም ሳይርቅ፣ እንደ መደርደሪያ የወጣ ጠንካራ ነገር አለ። ላዩ ቡናማ፣ ታቹ ነጭ ነው። ዙሪያውን ቡናማ ዱቄት ይነሰነሳል። አምና በመጥረቢያ ጣልኩት፤ ዘንድሮ ተመልሶ መጣ። የዛፉ ቅጠል ግን ለምለም ነው። ምን ልቀባው?

መልስ፦ ምንም አይቀቡት። የጣሉት ፍሬውን ነው። ፈንገሱ ያለው ግንዱ ውስጥ ነው፤ ክር መሳይ አካሉ እንጨቱን ሲበላ ቆይቶ ነው ይህን ወደ ውጭ የሚያወጣው። ፍሬው ስለተለቀመ ደግሞ ፈንገሱ አይሞትም።

ከነገሩኝ ጋኖደርማ አፕላናተም የሚባለው ይመስለኛል። ነጩን ገጽ በጥፍርዎ ጫር ያድርጉት። ወዲያው ቡናማ መስመር ከወጣ ግምቴ ይጠናከራል። ሥዕል የሚሥሉበትም አሉ፤ ሲደርቅ መስመሩ እንዳለ ይቀራል። ዱቄቱ ዘሩ ነው። እንደ ተራ የጅብ ጥላ በቀናት አይረግፍም፤ ዓመታት ይቆያል፣ ከታቹ አዲስ ንብርብር እየጨመረ። ያረጀ ካገኙ በመጋዝ ሰንጥቀው ይዩት።

ለምለሙ ቅጠል አያዘናጋዎት። ውሃ የሚያመላልሰው ከቅርፊቱ ሥር ያለው እንጨት ነው፤ ይሄ ፈንገስ በአብዛኛው መሃሉን ነው የሚቦረቡረው። እንጨቱ ይነጣል፣ እንደ ስፖንጅ ይለሰልሳል። ዛፉ አምሮበት ቆሞ አንድ ቀን ነፋስ ከሥሩ ይገነድሰዋል።

የእንጨት መዶሻ ይዘው ከታች ጀምሮ ዙሪያውን ያንኳኩ። ጤነኛው ደረቅ ድምፅ ይሰጣል፤ ባዶው እንደ ከበሮ ያስተጋባል። ሥሮቹ መሃል በቀጭን የብረት ዘንግ ይውጉ። ያለ ጉልበት ከገባ ነገሩ ከፍቷል። ድምፁ ደህና ቢሆንም ግን አይተኙ፤ የሥር ብስባሴ በመዶሻ አይታወቅም።

በራስዎ መሰርሰሪያ አይብሱት። ዛፉ ብስባሴውን ለማገድ የሠራውን ግድግዳ ያፈርሱበታል። ሲሚንቶም አይሙሉ። ጀማሪ ሳለሁ ሞልቼ አውቃለሁ፤ ብስባሴው አልቆመም፣ በኋላ የመጋዜን ጥርስ በላው እንጂ።

በመሣሪያ የሚለካ የዛፍ ባለሙያ ይጥሩ። እኛ ጋ ያለው ልማዳዊ መለኪያ፣ ባዶውን ከቦ የቀረው ጤነኛ እንጨት ውፍረቱ ከግንዱ ራዲየስ አንድ ሦስተኛ በታች ከሆነ ያሳስባል የሚል ነው። 60 ሳንቲሜትር ውፍረት ላለው ግንድ 10 ሳንቲሜትር ግድም መሆኑ ነው። ግንዱ በአንድ ጎን ከተከፈተ ይህም አይበቃም።

ሜዳ ላይ የቆመ ቢሆን ተዉት ባልኩ። ቤት አጠገብ ነው። እስኪለካ ድረስ ልጆች ከሥሩ አይጫወቱ፣ መኪናም አያቁሙበት።