ተሟጋች ድርጅት ወታደርን በውጭ ሀገር ፍርድ ቤት ማስከሰስ ይችላል?

ጥያቄ፦ «ወንድሜ በጦርነቱ ወቅት እጁን ሰጥቶ ከተያዘ በኋላ ተገደለ። ወታደሮቹ ራሳቸው በስልክ የቀረጹት ቪዲዮ በአንድ ጓደኛው በኩል እጄ ገብቷል። ፊታቸው ከሚታዩት አንዱ አሁን አውሮፓ ውስጥ እንደሚኖር ሰምቻለሁ። በቅርቡ የአንድ ተሟጋች ድርጅት ሰዎች ደውለው ‹ባለበት ሀገር እናስከስሰዋለን፣ ምስክር ሁኚን› አሉኝ። ድርጅት እንዴት ወታደር ይከሳል? ሰውዬው ተራ ወታደር ነበር፤ ‹ታዝዤ ነው› ቢልስ? ቪዲዮውን ፌስቡክ ላይ ልልቀቀውና ሕዝብ ይወቀው ወይስ ዝም ልበል? እናቴ አሁንም እዚያው ናት፤ እሷን ፈራሁላት።»

መልስ፦ ውድ ጠያቂያችን፣ በመጀመሪያ እግዚአብሔር ያጽናዎት። ካነሷቸው ጥያቄዎች አንዱ ጊዜ የማይሰጥ ስለሆነ ከእሱ ልጀምር። ቪዲዮውን ፌስቡክ ላይ አይልቀቁት። ለማንም በቴሌግራም አይላኩት። ምክንያቱን ከታች አስረዳለሁ። እስከዚያው ፋይሉ ካለበት ስልክ ላይ ሳይነካ ይቀመጥ።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ እንምጣ። በአብዛኛው ሀገር ተሟጋች ድርጅት ራሱ ክስ አይመሠርትም። ማስረጃ ሰብስቦና አደራጅቶ ለፖሊስ ወይም ለዐቃቤ ሕግ አቤቱታ ያቀርባል። ምርመራ የሚከፍተውና የሚከስሰው የመንግሥት ዐቃቤ ሕግ ነው። እንደ ስፔን ባሉ ጥቂት ሀገሮች ግን ማኅበር ከሳሽ ሆኖ ችሎት የሚቀርብበት ሥርዓት አለ። የቺሊው የቀድሞ መሪ ኦጉስቶ ፒኖቼ እ.ኤ.አ. በ1998 ለንደን ላይ የተያዘው ከስፔን ፍርድ ቤት በወጣ የመያዣ ትዕዛዝ ነው። የስፔኑን ጉዳይ ቀደም ብሎ በ1996 ያስጀመረው ደግሞ የአንድ ማኅበር አቤቱታ ነበር። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

የአንድ ሀገር ዳኛ በሌላ ሀገር ዜጋ ላይ፣ ያውም በሦስተኛ ሀገር ለተፈጸመ ወንጀል፣ እንዴት ሥልጣን ያገኛል? አንዳንድ ወንጀሎች የሰው ልጅን ሁሉ የሚመለከቱ ስለሆኑ የትኛውም ሀገር ሊዳኛቸው ይችላል የሚል መርህ አለ። ሁለንተናዊ የዳኝነት ሥልጣን ይባላል። የ1949ኙ አራት የጄኔቫ ስምምነቶች ከባድ ጥሰት የፈጸመን ሰው፣ ዜግነቱ ምንም ይሁን ምን፣ ፈልጎ ለራስ ፍርድ ቤት ማቅረብን የፈራሚ ሀገሮች ግዴታ ያደርጋሉ። አሳልፎ መስጠትም ይቻላል። የ1984ቱ ፀረ ማሰቃየት ስምምነትም ተመሳሳይ ግዴታ አለው። የጄኔቫው ግዴታ በቀጥታ የተጻፈው በሀገሮች መካከል ለሚደረግ ጦርነት ነው። የወንድምዎ ጉዳይ የእርስ በርስ ጦርነት ከሆነ መነሻው የዚያች የአውሮፓ ሀገር የራሷ የወንጀል ሕግ ነው። ብዙዎቹ በእርስ በርስ ጦርነት የተፈጸመውንም በሕጋቸው አካተዋል። እጁን የሰጠን ሰው መግደል በሁለቱም ዓይነት ጦርነት የጦር ወንጀል ነው። ይህ ጥያቄ የለውም።

የሕጉ በር ግን በየሀገሩ አንድ ዓይነት አይደለም። ጀርመን ከ2002 ጀምሮ ወንጀሉ ከጀርመን ጋር ምንም ግንኙነት ባይኖረውም መክሰስ ትችላለች። ሆኖም ተጠርጣሪው እዚያ ከሌለና ይመጣል ተብሎም ካልተጠበቀ ዐቃቤ ሕጉ መዝገቡን ሊተወው ይችላል። ፈረንሳይ በጦር ወንጀል ለመክሰስ ሰውዬው ነዋሪዋ እንዲሆን ትፈልጋለች። እንግሊዝ ውስጥ በግለሰብ አቤቱታ የመያዣ ትዕዛዝ ለማግኘት ከ2011 ወዲህ የዋናው ዐቃቤ ሕግ ፈቃድ ያስፈልጋል። ቤልጂየም በ1993 ያወጣችው ሕግ እጅግ ሰፊ ነበር፤ ከኃያላን ሀገሮች ግፊት ሲበዛባት በ2003 አጠበበችው። ስለዚህ ድርጅቱን መጀመሪያ የሚጠይቁት ይህን ነው፦ ሰውዬው በትክክል የትኛው ሀገር ነው? ነዋሪ ነው ወይስ ለጉብኝት የመጣ? በእርስዎ ጉዳይ «ይኖራል» የሚለው ቃል ብዙ ዋጋ አለው።

በዜና የሰሟቸው የቅርብ ጊዜ ጉዳዮችም ይህንኑ ያሳያሉ። ቤልጂየም ላይ የተቋቋመው የሂንድ ረጀብ ፋውንዴሽን የእስራኤል ወታደሮች ከጋዛ ጦርነት ራሳቸው የለጠፏቸውን ምስሎች እየሰበሰበ፣ ወታደሮቹ ለሽርሽር በሄዱበት ሀገር አቤቱታ ያቀርባል። በጥር 2025 እንደተዘገበው፣ አንድ የብራዚል ዳኛ በዚሁ ድርጅት አቤቱታ መነሻ በአንድ ወታደር ላይ ምርመራ እንዲደረግ አዘዙ። ወሬው ተሰማ፤ ወታደሩም ሳይያዝ ከብራዚል ወጣ። በሐምሌ 2025 ደግሞ የቤልጂየም ፖሊስ ለሙዚቃ ፌስቲቫል የመጡ ሁለት ሰዎችን ይዞ ጠየቃቸውና ለቀቃቸው። ዐቃቤ ሕጉ በኋላ ጉዳዩን ለዓለም አቀፉ የወንጀል ፍርድ ቤት አስተላለፈው። እነዚህ ሰዎች ተጠርጣሪዎች ናቸው እንጂ አልተፈረደባቸውም።

እዚህ ላይ የራሴን አቋም ልናገር። ተሟጋች ድርጅቶች ባይኖሩ ከእነዚህ መዝገቦች አብዛኛዎቹ አይከፈቱም ነበር። የሩቅ ሀገር ዐቃቤ ሕግ የወንድምዎን ስም ከየት ያውቀዋል? ቋንቋውን የሚያውቅ፣ ቤተሰቡን የሚያገኝ፣ ቪዲዮ ከቪዲዮ የሚያመሳክር ሰው የሚገኘው እነሱ ዘንድ ነው። ለዚህ ሥራ ትልቅ ክብር አለኝ። ነገር ግን አቤቱታ ባስገቡ ማግስት የተጠርጣሪውን ስምና ፎቶ በማኅበራዊ ሚዲያ የሚበትኑትን አልደግፍም። ማስተማር ነው፣ ማስፈራራት ነው ይሉኛል። አንዳንዴ ዓላማው ራሱ ወታደሮች እንዳይጓዙ ማድረግ እንደሆነም ይገባኛል። ለእርስዎ ጉዳይ ግን የሚበጀው ጸጥታ ነው። ተጠርጣሪው የሚፈለገው ፖሊስ በሩን ሲያንኳኳ ቤቱ እንዲገኝ ነው።

ስለ ማዕረጉ አይስጉ። ተራ ወታደር መሆኑ እንዲያውም ነገሩን ያቀለዋል። ዓለም አቀፉ የፍትሕ ፍርድ ቤት በ2002 በኮንጎና በቤልጂየም ክርክር ላይ፣ በሥራ ላይ ያለ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር በሌላ ሀገር ፍርድ ቤት እንደማይከሰስ ወስኗል። በሥልጣን ላይ ላሉ መሪዎችም እንዲሁ ነው። ለወታደር ግን እንዲህ ያለ ከለላ የለም። የጀርመን ከፍተኛው ፍርድ ቤት በጥር 2021 አንድ የቀድሞ የአፍጋኒስታን ጦር መኮንን እስረኞችን በማንገላታቱ በቀረበበት ክስ ላይ፣ «ለመንግሥቴ ስሠራ ያደረግሁት ነው» የሚለው መከላከያ ዝቅተኛ ማዕረግ ላለው ወታደር በጦር ወንጀል ጉዳይ እንደማያገለግል በግልጽ ወስኗል።

«ታዝዤ ነው» የሚለውስ? ዓለም አቀፉ የወንጀል ፍርድ ቤት በተቋቋመበት የሮም ስምምነት አንቀጽ 33 መሠረት ትእዛዝ ነፃ የሚያወጣው ሦስት ነገሮች አንድ ላይ ሲሟሉ ብቻ ነው። ወታደሩ የመታዘዝ የሕግ ግዴታ ሊኖርበት ይገባል። ትእዛዙ ሕገ ወጥ መሆኑን አለማወቅ አለበት። ትእዛዙም ሕገ ወጥነቱ ፊት ለፊት የሚታይ መሆን የለበትም። እጁን የሰጠ ሰው ይገደል የሚል ትእዛዝ ሕገ ወጥ መሆኑን ማንም ወታደር ሊስተው አይችልም። ትእዛዙ ቅጣት ሊያቀልለት ይችል ይሆናል። አዛዡንም አብሮ ሊያስጠይቅ ይችላል።

ጉዳዩ የሚወድቀውም የሚቆመውም ማስረጃው ላይ ነው። ስዊድን ውስጥ በ2017 አንድ የሶሪያ ወታደር የተከሰሰው በማኅበራዊ ሚዲያ በወጣ ፎቶ ነበር። ፎቶው ላይ እግሩን ሬሳ ላይ አድርጎ ቆሟል። ፎቶው ሰውዬው እዚያ መገኘቱንና ሬሳ ማዋረዱን አሳየ። መግደሉን ግን ማረጋገጥ አልተቻለም። የተፈረደበት 8 ወር እስራት ነው። ቪዲዮዎን በዚህ ዓይን ይዩት። ወንድምዎ እጁን መስጠቱ ይታያል? ሰውዬው ተኩሷል ወይስ ቆሞ ነበር? ያ ፊት የእሱ ስለመሆኑ ከወሬ ሌላ ምን አለ? የጦር ክፍሉ ምልክት፣ የጦር ጓዶቹ ቃል፣ ራሱ የለጠፈው ሌላ ምስል?

ቪዲዮውን አይልቀቁት ያልሁት ለዚህ ነው። ፋይል በቴሌግራምና በፌስቡክ ሲያልፍ ይጨመቃል፤ የተቀረጸበትን ሰዓትና ቦታ የሚናገረው ውስጣዊ መረጃ ይጠፋል። ሌላው ጉዳት ከዚህ ይብሳል። ቪዲዮው ከተሰራጨ በኋላ የሚመጣ ምስክር ያየውን ከቪዲዮው ይለየው አይለየው አይታወቅም። ተከላካይ ጠበቃው የመጀመሪያ ጥያቄው ይህ ይሆናል። እኔም በእሱ ቦታ ብሆን ይህንኑ እጠይቃለሁ። ፊቱ በስህተት ተለይቶ ሌላ ሰው ቢሆንስ? የአንድ ንጹሕ ሰው ሕይወት ይበላሻል፤ እርስዎም በስም ማጥፋት ይጠየቃሉ። ስለዚህ ፋይሉ ያለበትን ስልክ አይቀይሩ፣ አይፎርማቱት። አንድ ቅጂ በኬብል ወደ ሌላ ማስቀመጫ ያውጡ። ማን፣ መቼ፣ በምን መንገድ እንደላከልዎ ይጻፉ። ጓደኛውም ከማን እንዳገኘው ይጠየቅና ይጻፍ።

የምስክር ቃልም እንደዚሁ ነው። ፊንላንድ ውስጥ አንድ የሴራሊዮን ተዋጊ ላይቤሪያ ውስጥ ፈጽሟል በተባለ ወንጀል ተከሶ፣ ዳኞቹ እዚያ ድረስ ሄደው ምስክር ሰምተው ነበር። ነገር ግን ድርጊቶቹ መቼ እንደተፈጸሙ የቀረበው ቃል የሚያስተማምን አልሆነም። በ2022 በነፃ ተለቀቀ፤ ይግባኙም በ2024 አጸናው። ተጎጂዎቹ ዋሹ ማለት አይደለም። ሰው ከዓመታት በኋላ፣ ከብዙ ጊዜ ጥያቄ በኋላ፣ ቀን ይምታታበታል። የዓለም አቀፉ የወንጀል ፍርድ ቤት ዐቃቤ ሕግና የአውሮፓ ኅብረት የፍትሕ ትብብር ተቋም ዩሮጀስት በ2022 ለድርጅቶች ባወጡት መመሪያ ምስክርን ደጋግሞ ዝርዝር ቃል ከመቀበል እንዲታቀቡ የመከሩት ለዚህ ነው። እርስዎ የሚያውቁትን ዛሬውኑ በእጅዎ ይጻፉ። ያዩትን ለብቻ፣ የሰሙትን ለብቻ። ቀኑን ካላስታወሱ «አላስታውስም» ብለው ይጻፉ። ከሌሎች ምስክሮች ጋር ቁጭ ብላችሁ ታሪኩን እንዳታስተካክሉ አደራ።

ድርጅቱን በተመለከተ፣ እሺ ከማለትዎ በፊት ጥቂት ነገር ይጠይቁ። ጉዳዩን የሚይዘው በዚያች ሀገር ፈቃድ ያለው ጠበቃ ማን ነው? ቃሌና ቪዲዮው የት ይቀመጣል፣ ማንስ ያየዋል? ሐሳቤን ብቀይር ማውጣት እችላለሁ? ስሜ ያለፈቃዴ እንደማይወጣ በጽሑፍ ትሰጡኛላችሁ? ለመጨረሻው መልስ የሚያንገራግር ድርጅት ከሆነ ሌላ ይፈልጉ። ገንዘብ ከጠየቁዎት ወይም ለምስክርነትዎ ክፍያ ቃል ከገቡልዎ ስልኩን ይዝጉ። የተከፈለው ምስክር ተከላካዩ የሚፈልገው ምስክር ነው። ለሁለት ሦስት ድርጅትም ቃል አይስጡ። ከፈለጉ ደግሞ ድርጅት ሳያስፈልግዎ ራስዎ ማመልከት ይችላሉ። ጀርመን፣ ፈረንሳይ፣ ኔዘርላንድስና ስዊድን የጦር ወንጀልንና መሰል ዓለም አቀፍ ወንጀሎችን የሚመረምሩ ልዩ ክፍሎች አሏቸው።

ጊዜ ይወስዳል፤ ይህን አልደብቅዎትም። የላይቤሪያው የአማፂ አዛዥ አሊዩ ኮሲያ ስዊዘርላንድ ውስጥ የተያዘው በ2014 ነው። ተጎጂዎቹን ያገዘው ሲቪታስ ማክሲማ የተባለ ድርጅት ነበር። 20 ዓመት የተፈረደበት በ2021 ነው። ቶሎ የሄደ የሚባለው ጀርመን ኮብሌንዝ ከተማ የታየው ጉዳይ ነው፦ የሶሪያው የደኅንነት ኮሎኔል አንዋር ራስላን በ2019 ተይዞ በጥር 2022 ዕድሜ ልክ ተፈረደበት። በሌላ በኩል የጦር ወንጀል በብዙ ሀገሮች በይርጋ አይታገድም። የደርጉ ባለሥልጣን እሸቱ ዓለሙ በ1978 ደብረ ማርቆስ ለተፈጸመው ግድያና ማሰቃየት በሄግ ፍርድ ቤት ዕድሜ ልክ የተፈረደበት በ2017 ነው፤ ከ39 ዓመት በኋላ ማለት ነው። በ2022 ይግባኙም አጸናበት። ክስ ባይመሠረት እንኳ ሰውዬው ጥገኝነት ጠይቆ ከሆነ፣ የ1951ዱ የስደተኞች ስምምነት የጦር ወንጀል ስለመፈጸሙ ጠንካራ ጥርጣሬ ያለበትን ሰው ከጥበቃው ያስወጣዋል።

የእናትዎን ነገር መጨረሻ ላይ ያደረግሁት በጣም የሚያሳስበኝ ስለሆነ ነው። የአውሮፓ ፍርድ ቤት የምስክሩን አድራሻ ሊደብቅ ይችላል፤ በከባድ አደጋ ላይ ማንነቱንም ይሸፍናል። ሌላ ሀገር ያለች እናትን ግን መጠበቅ አይችልም። ድርጅቱም «እንጠብቃታለን» ካለዎት እንዴት እንደሆነ በዝርዝር ያስረዳዎት። እርስዎ ለብቻዎ የሚወስኑት ነገርም አይመስለኝም፤ እናትዎ ይጠየቁ። ስልክ ላይ ሳይሆን፣ የምታምኑት ሰው በአካል ሄዶ ይንገራቸው። አልፈልግም ካሉ ቪዲዮውንና የጻፉትን ይዘው መቆየት ይችላሉ፤ መብትዎ በብዙ ሀገሮች አይቃጠልም። እሺ ካሉ የመጀመሪያው እርምጃ በዚያች ሀገር ያለ ጠበቃ ማነጋገር ነው። ጠበቃው ስምዎን ሳይጠቅስ መርማሪዎቹ ስለ ሰውዬው መዝገብ እንዳላቸው ሊጠይቅልዎት ይችላል። የሰውዬውን አድራሻ ካወቁ ለጠበቃው ብቻ ይስጡት። እርስዎ ወይም ዘመድዎ በሩ ድረስ እንዳትሄዱ፣ መልእክትም እንዳትልኩለት።