በዲሴምበር አጭር ቀን፣ በአራት ሰው

ጥያቄ፦ የምኖረው ኮፐንሃገን ነው። ከሦስት ጓደኞቼ ጋር፣ ሁለት ተዋንያን ይዘን፣ በዲሴምበር አጋማሽ የ8 ደቂቃ ፊልም በሁለት ቀን ልንቀርጽ ነው። ግማሹ መንገድ ላይ፣ ግማሹ አፓርታማ ውስጥ ነው። መብራት ለመከራየት አቅም የለንም። ብርሃኑ ይበቃናል? ሥራውንስ እንዴት እንከፋፈል?

መልስ፦ ይበቃችኋል፤ የአፓርታማውን ትዕይንት ግን ስክሪፕቱ ላይ ወደ ማታ ለውጡት። በዚያ ሰሞን ፀሐይ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ጠዋት 2 ሰዓት ተኩል ገደማ ወጥታ 9 ሰዓት ተኩል አለፍ ሲል ትጠልቃለች። ቤቱን በቀን ብትቀርጹ የመስኮቱ ብርሃን በየሾቱ መሀል ይቀየርባችኋል። ስለዚህ ሁለቱንም ቀን ከ3 እስከ 8 ሰዓት ተኩል ውጪ፣ ከ11 ሰዓት በኋላ ቤት ውስጥ ሥሩ።

ፀሐይዋ እኩለ ቀን ላይ እንኳ ከአድማስ 11 ዲግሪ ያህል ብቻ ነው ከፍ የምትለው። እንደ ኖሬብሮ ሰፈር ባለ አምስት ፎቅ ሕንፃ በተደረደረበት መንገድ ላይ አብዛኛውን ቀን ጥላ ነው። ይህ ይጠቅማችኋል፤ የጠዋቱ ሾት ከከሰዓቱ ጋር ይገጥማል። የከተማው ሐይቆች ዳር ግን ደመናው በተገለጠ ቁጥር ትቸገራላችሁ።

ባትሪ በብርድ ቶሎ ስለሚደክም ትርፎቹን ጃኬታችሁ ውስጥ ያዙ። ወደ ቤት ከመግባታችሁ በፊት ካሜራውን ፌስታል ውስጥ አስገብታችሁ አፉን አጥብቃችሁ እሰሩት፤ ያለዚያ ሌንሱ ላይ ጤዛ ይቋጥራል። አንድ ሰዓት ያህል ሳትከፍቱት ቆዩ። ምሳም የምትበሉት፣ አምፖልም የምትቀይሩት ያኔ ነው። የቤቱን አምፖሎች በሙሉ 2700 ኬልቪን (ሞቅ ያለ ቢጫማ ብርሃን) አድርጓቸው። በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሹተሩን (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ላይ አድርጋችሁ ቅረጹ። የዴንማርክ ኤሌክትሪክ 50 ኸርዝ ስለሆነ በ1/60 ምስሉ ሊርገበገብ ይችላል።

አራታችሁም አንድ አንድ ሥራ ያዙ፦ ዳይሬክተር፣ ካሜራ፣ ድምፅ፤ አራተኛው ክላፕ (ምስልና ድምፅ የሚገጣጠምበትን ሰሌዳ) ይመታል፣ ልብስና ዕቃ ከሾት ሾት እንዳይለዋወጥ ይከታተላል። ሰው ሲያንስ መጀመሪያ የሚቀረው የድምፅ ባለሙያው ነው፤ ትልቁ ስህተት ይህ ነው። ደብዘዝ ያለ ምስል ተመልካች ይታገሣል፣ የማይሰማ ንግግር ግን አይታገሥም። ማይኩ ከተዋናዩ አፍ ከ50 ሳንቲሜትር እንዳይርቅ። ውጪ የስፖንጅ ሽፋን ብቻውን አይበቃም፣ ፀጉራሙን የነፋስ መከላከያ ማይኩን አልብሱት፤ ንግግር ላይ ያረፈ የነፋስ ጉርምርምታ በኤዲቲንግ አይለቅም። ቤት ውስጥ ከእያንዳንዱ ትዕይንት በኋላ ሁላችሁም ዝም ብላችሁ የክፍሉን ድምፅ 30 ሰከንድ ቅረጹ፤ ቆርጣችሁ ስትቀጥሉ ክፍተቱን የሚሸፍንላችሁ እሱ ነው። ድምፁ እንዳይገባ ፍሪጁንም ንቀሉት። መልሳችሁ መሰካት እንዳትረሱ የቤቱን ቁልፍ ፍሪጁ ውስጥ አስቀምጡት።