መልስ፦ ዘፈኑ የዶሊ ነው

«አይ ዊል ኦልዌይስ ላቭ ዩ የዊትኒ ነው ወይስ የዶሊ? ከጓደኛዬ ጋር ተወራርደናል» ላልከው፣ ወንድሜ፣ በዊትኒ ሂውስተን ከያዝክ ተበልተሃል።

ግጥሙም ዜማውም የአሜሪካዊቷ የካንትሪ ዘፋኝ የዶሊ ፓርተን ነው። ፖርተር ዋጎነር የሚባል ዘፋኝ በቴሌቪዥን ፕሮግራሙ ላይ ለዓመታት አብራው ትሠራ ነበር። ራሷን ችላ ልትወጣ ስትል ሰውዬው አልሰማ አላት። ራሷ እንደምታወራው፣ በክርክር እንደማይሆንላት ሲገባት ቤቷ ገብታ ይህን ዘፈን ጻፈችና ቢሮው ሄዳ ዘፈነችለት፤ አለቀሰ። እና የፍቅረኛ መለያያ ሳይሆን የሥራ መልቀቂያ ነው በለው (እንዲህ ያለ መልቀቂያ ማን ይጽፋል!)።

በፈረንጆቹ 1974 በሙዚቃ አሳታሚው አርሲኤ በኩል በነጠላ ወጥቶ ቢልቦርድ በሚባለው የአሜሪካ መጽሔት የካንትሪ ዘፈኖች ደረጃ ሰንጠረዥ ላይ 1ኛ ሆነ። በ1982 ለፊልም ደግማ ስትቀዳው እንደገና 1ኛ።

መሃል ላይ ዘፋኙ ኤልቪስ ፕሪስሊ ሊዘፍነው ፈልጎ ነበር። ማናጀሩ ኮሎኔል ፓርከር ግን የባለቤትነት መብቱን ግማሽ ካልሰጠሽ አላት። ሌሊቱን ስታለቅስ አደረች፤ መብቷን ግን አልሰጠችም። ዊትኒ በ1992 ዘፍናው 14 ሳምንት አንደኛ ላይ ሲቀመጥ የደራሲነቱ ገንዘብ ወዴት እንደሄደ አስበው።

አሁን ሁለቱን አከታትለህ ስማ። ዊትኒ ያለ ሙዚቃ ብቻዋን ትጀምርና ጣሪያ ታስነካዋለች። ዶሊ ግን መጨረሻው አካባቢ ዜማውን ትታ፣ ቡና ላይ አጠገብህ ተቀምጣ እንደምታወራ ሰው ቃሉን ዝም ብላ ትናገረዋለች። እኔ እዚያች ቦታ ላይ ነው የምሸነፈው። 3 ደቂቃ እንኳ አይሞላም።